የሲልቪ ላሞች

በለጡ ከላም ጋር የነበራት ትውውቅ ሁሉ በድስት በኩል ነበር። ድሬዳዋ ከባቡር ጣቢያው ጀርባ ተወልዳ፣ እዚያው አድጋ፣ በወጣትነቷ በዚያው ባቡር ጅቡቲ የገባች ሴት ናት። ካርቲየ ሁለት በሚባለው የከተማው ሰፈር ምግብ ቤት ከከፈተች ወዲህ ለከባድ መኪና ሾፌሮች ያበሰለችው ሥጋ ብዙ መንጋ ይወጣዋል፤ በእግሯ የቆመች ላም አጠገብ ግን ቀርባ የምታውቅ አይመስለኝም። ይህን የምጽፈው ላሳንሳት አይደለም። በሃምሳ ዓመቷ ግድም ከብት አርቢ ሆነች ስል አንባቢ መስክና በረት ፍለጋ እንዳይንከራተት ብዬ ነው። ላሞቿ ኮምፒውተር ውስጥ ነበሩ።

ኮምፒውተሩን ያገኘችው ውላቸውን ጨርሰው ወደ አገራቸው ከሚመለሱ ፈረንሳዮች ነው። እነሱ ሲሄዱ የቤት ዕቃቸውን በር ላይ አውጥተው ይሸጣሉ። በለጡ ማቀዝቀዣ ልትገዛ ሄዳ ኮምፒውተሩንም አብራ ይዛ መጣች። ለደንበኞቿ ዘፈን ልታሰማበት ነበር። የቤቱ ልጆች ግን ውስጡ ጨዋታቸውን ትተውበት ኖሮ፣ አንድ ቀን የላም ሥዕል ያለበትን ምልክት ፊልም መስሏት ብትነካው አንድ ድንጋያማ ማሳ ተከፈተ። መሀሉ ላይ አካፋ የያዘች ትንሽ ሴት ቆማለች።

ነገሩን ያስረዳት ዓብዱረዛቅ ነው። ዓብዱረዛቅ ሁለት በር አልፎ ስልክና ኮምፒውተር የሚጠግን የከተማው ተወላጅ ሲሆን፣ አማርኛውን የተማረው ከሾፌሮች ነው። ሾፌሮች እርስ በርሳቸው «አንቺ» ስለማይባባሉ እሱም ሴቱንም ወንዱንም «አንተ» ይላል።

«ይህ የድሮ መጫወቻ ማሽን ነበር፤ ከቴሌቪዥን ጋር የሚሰካ» አላት። «ማሽኑ አሁን የለም፤ ሞቷል። ይህ ፕሮግራም ማሽኑን መስሎ ይሠራል። ጨዋታው ማሽኑ ያልሞተ ይመስለዋል።»

«እና እስካሁን የነገረው የለም?» አለች በለጡ።

«ከነገርከውማ ይቆማል።»

ጨዋታው እንዲህ ነው። አንድ ባለ መሬት በጀልባ ሩቅ አገር ሲሄድ ማሳውን ለአንዲት ሴት ይተውላታል። ድንጋዩን ትለቅማለች፣ ታጥራለች፣ ላም ታረባለች። ሦስተኛው ዓመት ሲያልቅ ባለ መሬቱ በጀልባው ተመልሶ ማሳውን ዞሮ ያያል። ደስ ካለው «መሬቱ ያንቺ ነው» ይላታል፤ ካላለው ያባርራታል። ቀኑ የሚያልፈውም ሥራው የሚመዘገበውም ሴትየዋ ቤቷ ገብታ አልጋዋ ላይ ስትተኛ ብቻ ነው። ሳትተኛ ከተዘጋ የዕለቱ ድካም ሁሉ መና ይቀራል።

በለጡ ፈረንሳይኛውን በሥዕሉ እየገመተች ገፋችበት። የምትጫወተው ምሳ ካለፈ በኋላ፣ ከተማው በሙሉ ጫቱን ይዞ ጥላ ውስጥ በሚቀመጥበት ሰዓት ነው። ሐምዲያ የምትባለው ጫት ሻጭ ጠረጴዛዋን የምትዘረጋው በምግብ ቤቱ ደጃፍ ስለሆነ ገበያው ሲቀዘቅዝ ገባ ብላ ታያለች። ከከተማው ዳር ፔካ ዱዝ በሚባለው ሰፈር መኪናቸውን አቁመው የወደብ ተራ የሚጠብቁ ሾፌሮችም ወንበር ይስባሉ። ውሎ አድሮ ሾፌሮቹ ከአዲስ አበባ ሲመለሱ ከምግቡ በፊት ስለ ጀልባው መጠየቅ ጀመሩ።

«እትዬ በለጡ፣ ጀልባው መጣ?»

«ገና ነው። ክረምቱ ገባ፤ ማሳው በረዶ ነው፤ ድርቆሽ አንሶኛል።»

«ምነው በጊዜ አታጭጂም ነበር?»

«ያኔማ እናንተን ሳበላ ነበር።»

ለላሞቿም የሾፌሮቹን ስም ሰጥታቸዋለች። ጨዋታው ከሰባት የፈረንጅ ፊደል በላይ ስለማይቀበል ስሞቹ ጅራታቸው የተቆረጠ ነበር፤ ባለቤቶቹ ግን ያውቋቸዋል። ከሁሉም የታወቀችው ሽመክት ናት። ሰውየው ሽመክት ግዙፍ የሰሜን ሸዋ ሰው ነው፤ የያዘውን ጭነት ማኅተሙ ሳይነካ በማድረስ በመንገዱ ሁሉ የተመሰገነ ሾፌር። እሱ ቅቅሉን ይዞ ሲቀመጥ ከኮምፒውተሩ በኩል ድምፅ ይሰማል።

«ሽመክት ዛሬም ወተት ከለከለ።»

«ስድብ ነው ወይስ ወሬ?» ይላል እሱ ጉርሻውን ይዞ።

«ወሬ ነው። እንዲያውም አንተ እንዳታፍር ብዬ ቀነስኩት፤ ትናንት አጥር ጥሷል።»

ሰው ለምን አንዲት ምግብ ቤት ያላት ሴት ለጨዋታ እንዲህ ትሆናለች ይል ይሆናል። እኔ የማውቀው ይህን ነው። በለጡ ዕድሜዋን ሙሉ በኪራይ ቤት፣ በኪራይ ምድጃ ሠርታለች። በዚያ ሁሉ ዘመን ሥራዋን ዞሮ ዓይቶ፣ አመዛዝኖ፣ እንዲህ ነው ብሎ ፊት ለፊት የነገራት ሰው አልነበረም። ደንበኛ ይበላል፣ አፉን ይጠርጋል፣ ይሄዳል። ባለ መሬቱ ግን ሊያይ ይመጣል። ምን እንደሚላት መስማት ፈለገች፤ ሁለተኛው ዓመት አልፎ ሦስተኛውን ስትጀምር ይህ ምኞት የቤቱ ሁሉ ምኞት ሆኖ ነበር።

ያኔ ነው ሽመክት ጥፋቱን የሠራው። የኮምፒውተሩ ሆድ እያረጀ ስለመጣ ዓብዱረዛቅ ጨዋታው የሚቀመጠው በፍላሽ ላይ እንዲሆን አድርጎላት ነበር። ሽመክት ለመንገድ ዘፈን ሊያስሞላ ፈለገና ፍላሹን ከኮምፒውተሩ ጎን ነቅሎ ወሰደ። ፔካ ዱዝ ያለው ዘፈን ሻጭ ደግሞ ትጉ ሰው ነው፤ ቦታ እንዳይጠብ ብሎ መጀመሪያ ጠርጎ አጸዳው። ሽመክት ፍላሹን ሲመልስ በዘፈን ጢም ብሎ ነበር።

በለጡ ከፍታ አየች። ማሳው የለም። ላሞቹ የሉም።

«ሽመክትስ?» አለ ሽመክት ቀስ ብሎ።

«ራስህን በራስህ አጠፋህ» አለችው። ተነሥታ ወደ ድስቷ ሄደች። ከዚያ ቀን ጀምሮ ለእሱ የሚቀርበው ወጥ ጨው ይጎድለው ጀመር። ሌላው ሰው «ዛሬ ወጡ ግሩም ነው» ሲል እሱ አንገቱን ደፍቶ ይስማማል።

ሽመክት በጨው አልባ ወጥ ሲሰቃይ ከርሞ ዓብዱረዛቅ ዘንድ ሄደ። ዓብዱረዛቅም ኢንተርኔት ላይ ፈልጎ አንድ ነገር አገኘ። ይህን ጨዋታ የሚጫወቱ ሰዎች የደረሱበትን ቦታ ለሌላ ሰው እንዲጠቅም ያስቀምጣሉ፤ የፈለገ ያወርዳል። ፈረንሳዮች ይህን ፋይል «ሶቭጋርድ» ይሉታል። እሱም በፍላሽ ጭኖ፣ ሽመክትን ከኋላው አስከትሎ መጣ።

«እትዬ በለጡ፣ እንካ። ሶቭጋርድ አወረድኩልህ።»

«በአማርኛ ንገረኝ።»

ዓብዱረዛቅ አሰበ። ሰው ያስቀመጠው፣ እንዳይጠፋ ተጠብቆ የሚቆይ ነገር። ሾፌሮች ሻንጣቸውን እሱ ሱቅ ጥለው ሲሄዱ የሚናገሩት ቃል ትዝ አለው።

«አደራ» አለ። «የሰው አደራ ነው።»

መዝገበ ቃላት ቢገለጥ ትርጉሙ ያን ያህል የራቀ አይደለም። ግን «አደራ» ለእኛ ሰው ምን እንደሆነ ዓብዱረዛቅ አላወቀም። ሌባ ቢሉት የሚስቅ ሰው አለ፤ አደራ በላ ቢሉት የሚስቅ አላየሁም።

በለጡ ከፈተችው። በረዶ የለበሰ ሰፊ ማሳ፣ ቀይ ጣሪያ ያለው ቤት፣ ነጭ አጥር፣ አሥራ ምናምን የሰቡ ላሞች። ከላይ ስም ተጽፏል።

«ሲልቪ ማናት?»

«ባለቤቱ ነው።»

«የት ሄዳ ነው?»

«እኔ ምን አውቃለሁ። ፈረንሳይ ይሆናል» አለና ዓብዱረዛቅ ደንበኛ ጠርቶት ሮጠ።

ወሩ ሐምሌ ነበር። በሐምሌ ጅቡቲ ከምድጃ አፍ አትለይም፤ አቅም ያለው ፈረንጅ ሁሉ ቤቱን ቆልፎ አገሩ ይሄዳል። በለጡ ራሷ ምግብ ቤቱን ከመክፈቷ በፊት የአንድ ፈረንሳይ ቤተሰብ ቁልፍ እየተቀበለች ቤት ትጠብቅ ነበር። አበባቸውን ታጠጣለች፣ ድመታቸውን ታበላለች፤ ሶፋቸው ላይ አንድ ቀን አልተቀመጠችም። ስለዚህ ሲልቪ ለእሷ እንግዳ አልሆነችባትም። ሙቀቱን ሸሽታ ሄዳለች፣ ከብቶቿን ትታለች። ግልጽ ነው።

ሐምዲያንም አማከረቻት። ሐምዲያ ጫቷን በእርጥብ ጨርቅ እየሸፈነች ሰማቻት።

«አማና ነዋ» አለች። «አማና አይነካም፣ ወላሂ። የአክስቴ ልጅ የጎረቤት ፍየል በአማና ተቀብሎ ወተቷን ጠጣ፤ ጥርሱ በሙሉ ረገፈ።»

«ሸምግሎ ነው የረገፈው» አለ ሽመክት።

«ያኔ ጎረምሳ ነበር።»

ሽመክት ያልጠበቀው ጣጣ እዚህ ላይ መጣ። የሲልቪ ማሳ የቆመው በሦስተኛው ዓመት የመጨረሻ ቀን ላይ ነው። አንድ ሌሊት ከታደረ ጀልባው ይመጣል። ሁለት ዓመት ሙሉ የተጠበቀው ጀልባ ከአንድ እንቅልፍ ማዶ ቆሟል፤ በለጡ ግን አትተኛም።

«አንዴ ብቻ ተኚ፣ እትዬ። ምን አለበት?» አለ ሽመክት።

«በማን አልጋ?»

«በ... እዚያ ባለው አልጋ።»

«በሲልቪ አልጋ እኔ ልተኛ? ሴትየዋ ብትመጣ ምን እላታለሁ?»

በየቀኑ ከፍታ ለላሞቹ ድርቆሽ ትሰጣለች፣ ታልባለች፣ ወተቱን ጎተራው ውስጥ ትደረድራለች፣ አንዲት ጠብታ አትሸጥም፤ ከዚያ ትዘጋዋለች። ሳትተኛ ስለምትዘጋው በማግስቱ ያው ጠዋት ይነጋል፣ ያው ላሞች እንደተራቡ ይጠብቋታል። ይህን አሳምራ ታውቃለች።

«ትናንት ማብላትሽ እኮ አልተቆጠረም» አላት ሽመክት።

«ላንተ ያቀረብኩት ምሳስ ትናንት ተቆጥሮ ነው ዛሬ የመጣኸው?»

ሾፌሮቹ ነገሩን አዲስ አበባ ድረስ አወሩት። ጀልባው መጣ ወይ ብሎ የሚጠይቅ ቀረና ሲልቪ መጣች ወይ የሚል በዛ። አንዱ እንዲያውም የሲልቪን መልክ ወደብ አካባቢ አይቻለሁ ብሎ ማለ።

የሐምሌ ገብርኤል ዕለት በለጡ ነጠላዋን ለብሳ ቤተ ክርስቲያን ሄደች። ቤቱን ለሐምዲያ ብትተውም ሐምዲያ ገበያ ላይ ነበረች። ውስጥ ሽመክትና ሌሎች ሾፌሮች የወደብ ተራቸውን እየጠበቁ ተቀምጠዋል። ማን እንደጀመረው ዛሬም ድረስ አይታወቅም፤ ከኮምፒውተሩ ፊት የተቀመጠው ግን ሽመክት ነው። ሴትየዋን እየነዳ ቀይ ጣሪያው ቤት አስገባት። ያ ግዙፍ ሰው በሲልቪ አልጋ ተኛ።

ጀልባው መጣ። ሙዚቃ ተሰማ፤ ነጭ ጢም ያለው ባለ መሬት ወረደ፤ ማሳውን ዞረ፤ ርችት ተተኮሰ፤ የመንደሩ ሰው ሁሉ ወጥቶ ጨፈረ። ባለ መሬቱ ረጅም ንግግር አደረገ፤ ሾፌሮቹ ከዚያ ሁሉ ፈረንሳይኛ መሀል የለዩት አንድ ቃል ነው። ሲልቪ። ደግሞ ሲልቪ። እንደገና ሲልቪ። የማያውቁት ሰው ሠርግ ድንኳን ተሳስተው እንደገቡ ሰዎች እጃቸውን አጣምረው ተቀመጡ። ማንን እንኳን ደስ አለህ ይበሉ?

«አለቀ?» አለ አንዱ።

«አለቀ» አለ ሽመክት።

በለጡ ተመልሳ ስትከፍት በረዶው ቀልጦ ማሳው አበባ በአበባ ሆኗል። ቆማ አየች። ነጠላዋን አላወለቀችም።

«ማነው የተኛው?»

ሁሉም ሽመክትን አየ።

«ላሞቹን አብልተህ ነው የተኛኸው?»

ይህን ማንም አላሰበውም። በለጡ በረቱን ከፈተች። ካራሜል የምትባለው የሲልቪ ምርጥ ላም አንገቷን ደፍታ፣ በራሷ ላይ የሕመም ምልክት ተለጥፎባት ተኝታለች።

«አደራ በላ» አለችው።

ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። ሽመክት ግን ሳህኑን ትቶ ተነሣ። በሕይወቱ ብዙ ስም ተሰጥቶታል፤ ላምም ሆኗል። ይህን ስም ግን ተሸክሞ ወደ መኪናው ሊሄድ አልቻለም፤ እግሩ ወደ ዓብዱረዛቅ ሱቅ ወሰደው።

«ካራሜል ታመመች» አለው። «መድኃኒት ፈልግ።»

ዓብዱረዛቅ ነገሩን በሙሉ ሲሰማ ግንባሩን ያዘ። ከዚያ ያንኑ ፋይል እንደገና አውርዶ መጣና በለጡ ፊት ከፈተው። በረዶው አለ። የመጨረሻው ቀን ነው። ካራሜል በእግሯ ቆማ ጅራቷን ትወዘውዛለች።

በለጡ ወደ ስክሪኑ ጠጋ አለች። «ዳነች?»

«አልታመመም። ይህ ሌላ ነው። ኮፒ። የሲልቪ እዚያ ኢንተርኔት ላይ ተቀምጧል፤ ሺህ ሰው ቢወስድ፣ ሺህ ሰው ቢያበላሽ እሱን አይነካውም። ሲልቪ ራሱ ውሰዱ ብሎ ነው ያስቀመጠው።»

«ውሰዱ ብላ?»

«አዎ። ለሰው ሁሉ።»

«ታዲያ ለምን አደራ አልከኝ?»

«አማርኛው እሱ አይደለም?»

«አንተ ሰውዬ፣ በአንተ አማርኛ ስንት ቀን ጨው አጥቼ ስንት ስድብ ጠጣሁ» አለ ሽመክት።

«ያስተማርከኝ አንተ ነህ» አለ ዓብዱረዛቅ።

በለጡ ወንበር ፈልጋ ተቀመጠች። በነጠላዋ ጫፍ አፏን ሸፍና ትከሻዋ ይንቀጠቀጥ ጀመር። ሐምዲያ ታለቅሳለች ብላ ሮጣ ገባች፤ ሳቅ መሆኑን ስታይ ጫቷን ትታ መምጣቷ ቆጫት።

«እንግዲያ ይኸው» አለ ሽመክት ሳቋ ጋብ ሲል። «የማንም አይደለም ተብሏል። ጠዋት ያየነው ርችት ግሩም ነው። አንዴ ተኚና አንቺም እዪው።»

በለጡ ቀዩን ጣሪያ አየች፣ ነጩን አጥር አየች። መፈለጓ ፊቷ ላይ ያስታውቃል። እጇ የቁልፍ ሰሌዳው ላይ ቆየ።

«ሰውየው ሲመጣ ማን ብሎ ነው የሚጠራኝ?»

ሽመክት ከላይ የተጻፈውን ስም አየ።

«ሲልቪ ብሎ ከሆነማ እሷ ሰምታዋለች» አለችና ዘጋችው።

በዚያው ቀን አዲስ ማሳ ከፈተች፤ ድንጋይ ብቻ የሞላበት፣ ላም ቀርቶ ዶሮ የሌለበት። ሾፌሮቹ አጉረመረሙ። ጀልባው እንደገና ሦስት ዓመት ራቀ። ሽመክትም ቅጣቱን ተቀበለ፤ የወደብ ተራ በሚጠብቅበት ከሰዓት በኋላ ሁሉ ድንጋይ ለቃሚ ሆነ። ወጡ ጨው ያገኘው ማሳው ግማሽ ሲጸዳ ነው። የመጀመሪያዋ ጥጃ ስትገዛ ስሙን መልሳ እንደምትሰጣት ተስፋ አድርጎ ነበር፤ በለጡ ግን ስሙን ለዶሮ ሰጠችው። እንቁላል ከጣልክ እናያለን አለችው።

ይህ ሁሉ ሲሆን ከአንድ ዓመት በላይ ሄደ። መብራት ሲጠፋ ሥራዋ ጠፍቶባት ደግማ ሠራችው፤ ካምሲን የሚሉት ትኩስ ነፋስ ሲነፍስ አቧራውን ከቁልፎቹ መሀል በላባ እየጠረገች ሠራችው። ፍላሹን ማንም እንዳይነካው በክር አስራ አንገቷ ላይ አንጠልጥላ ትሄድ ነበር። ሐምዲያ ክታብ ነው ብላ ለሰው ታወራለች።

ጀልባው የመጣው በአንድ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ነው። ወሬው ፔካ ዱዝ ደርሶ ኖሮ ምግብ ቤቱ ጢም አለ። ሽመክት የጭነት ተራው ደርሶት እያለ ለሌላ ሾፌር አሳልፎ ሰጠና መጣ። ዓብዱረዛቅ ለትርጉም ከፊት ተቀመጠ። በለጡ ላሞቹን አበላች፣ አለበች፣ በረቱን ዘጋች፤ ከዚያ ወደ ገዛ ቤቷ ገብታ በገዛ አልጋዋ ተኛች።

ነጭ ጢሙ ወረደ። ርችት አልነበረም፤ ሙዚቃውም ቀለል ያለ ነው። ማሳውን ዞረ፣ አጥሩ ጋ ቆመ፣ በረቱ ጋ ቆየ። ከዚያ ወደ ትንሿ ሴት ዞሮ ተናገረ፤ ንግግሩ በስሟ ይጀምራል። በሰሌዳው ላይ ስትጽፈው አንድ ፊደል ተሳስታ ኖሮ «በለጦ» ነው ያላት። ማንም አልሳቀም።

«ምን ይላል?» አለች።

ዓብዱረዛቅ ጉሮሮውን ጠረገ። «በለጦ፣ ላሞችህ ጥቂት ናቸው ይላል። ጎተራህ ትንሽ ነው። አጥርህ ግን ጠንካራ ነው፤ ከብትህም ጤነኛ ነው። ድንጋዩ አንድም አልቀረም ይላል።»

ሽመክት ወንበሩ ላይ ቀና ብሎ ተቀመጠ።

«ጥቂት ናቸው?» አለች በለጡ ለሰውየው። «ሁለት እጅ ነው ያለኝ። አንተ ሦስት ዓመት ሙሉ የት ነበርክ?»

«ቆይ፣ አልጨረሰም» አለ ዓብዱረዛቅ። «መሬቱ ያንተ ነው ይላል። ከፈለግህ እዚህ መቆየት ትችላለህ።»

ሰው ሁሉ ወደ በለጡ ዞረ። እሷ ጽሑፉን ከላይ እስከ ታች፣ ፊደል በፊደል፣ በጣቷ እየተከተለች አየችው። እንባ የጠበቀ ሰው ካለ ተሳስቷል።

«እና ድሮስ ልሄድ ነበር?» አለች።

ባለ መሬቱ ወደ ጀልባው ተመለሰ። ጸደይ ሆነ። ሾፌሮቹ እየተነሡ፣ እያወሩ፣ ስለ አጥሩ እየተከራከሩ መውጣት ጀመሩ። በለጡ አልሸኘቻቸውም። በረቱን ከፍታ ላሞቹን አንድ በአንድ ወደ ግጦሹ እያወጣች ነበር።